የአባቴ ወዳጆች

አባቴ አንዋር መስጊድ አጠገብ ሲንጀሩን ዘርግቶ ይሰፋበት በነበረው በረንዳ ላይ አሁን አንድ ልጅ የስልክ ሽፋን ይሸጣል። ቆሜ ሳፈጥበት ልጁ «እህት፣ የቱን ላውርድልሽ?» አለኝ። ምንም አልፈልግም ማለት ከበደኝና አንድ ገዛሁ። ከጅዳ ከተመለስኩ ሦስተኛ ቀኔ ነበር። ዘጠኝ ዓመት በሰው ቤት ሠርቼ ነው የመጣሁት፤ አባቴ ከሞተ ደግሞ ሁለት ዓመት አልፎታል።

ሞቱን የሰማሁት በ12ኛው ቀን ነው። ደብቀውኝ ነበር። በእነዚያ ቀናት ሁለት ጊዜ ደውያለሁ፤ አንዴ «መስጊድ ሄዷል»፣ አንዴ «ተኝቷል» አሉኝ። ለስኳር መድኃኒቱ ብዬ 300 ሪያል ልኬያለሁ። ቤተሰቦቼን አልቀየምኩም፤ ብቻዋን መርዶ ሰምታ ምን ትሆናለች ብለው ነው። አገራችን መርዶ የሚነገረው ሰው ተሰብስቦ፣ የሚደግፍ ክንድ ተዘጋጅቶ ነው፤ እኔ ጋ ደግሞ ከማዳም በቀር ማንም አልነበረም። ግን ልጅ ስደት ላይ ያላችሁ ሁሉ ይህን ስሙኝ፦ ከመርዶው በላይ ያመመኝ ያ 12 ቀን ነው። በየሰላቱ «ያ ረብ፣ ለአባቴ አፊያ ስጥልኝ» እል የነበረው ለተቀበረ ሰው ነው።

ያን ሌሊት ኩሽና አጠገብ ባለችው ክፍሌ ሆኜ፣ ልጅ ሳለሁ ቁርዓን ያስቀራኝ ኡስታዝ ጋ ደወልኩ። ፒያሳ በኒን ሰፈር፣ ኑር መስጊድ ነበር የምንቀራው። ድምፄን ሲሰማ ገባው። እስክጨርስ አልቅሼ «አልቀበርኩትም፣ አልሰገድኩበትም» ስለው ስለ ሐበሻው ንጉሥ ስለ ነጃሺ (አስሐማ) ነገረኝ።

ታሪኩን ከልጅነቴ አውቀዋለሁ፤ የማያውቀው ሐበሻ ሙስሊም የለም። እ.ኤ.አ. በ615 ገደማ የመካ ቁረይሾች ያሳደዷቸው ሶሐቦች፣ የነቢዩ ባልደረቦች፣ ባሕር ተሻግረው እኛ አገር መጡ፣ ንጉሡ አሳልፎ አልሰጣቸውም። ልብ ያላልኩት መጨረሻውን ነው። ነጃሺ ሐበሻ ምድር ሲሞት ረሱል፣ ነቢዩ ሙሐመድ (ሰ.ዐ.ወ)፣ መዲና ነበሩ። በዚያው ዕለት ለሰዉ ነገሩ፤ «ዛሬ አንድ ደግ ሰው ሞቷል፤ ተነሱና ለወንድማችሁ ለአስሐማ ስገዱበት» አሉ። ሰልፍ አስይዘው አራት ተክቢራ («አላሁ አክበር») አደረጉ። ጀናዛው (ሬሳው) እኛ አገር፣ ሰጋጆቹ ከባሕር ማዶ። ሰላተል ጋኢብ፣ በሌለበት የሚሰገድ ሰላት፣ መነሻው ይህ ነው።

እኔም ያን ሌሊት ያለሁት ያው ሒጃዝ፣ ያው ቀይ ባሕር ዳር ነበር፤ ሬሳውም ያው ሐበሻ ምድር ላይ። የሕግ ሊቃውንት ይለያዩበታል፤ የሻፊዒ መዝሀብ ተከታዮች ይሰገዳል ይላሉ፣ ሐነፊዮቹ አይሰግዱትም። ኡስታዜ ሻፊዒ ነውና «ስገጂ፣ ሩኩዕና ሱጁድ፣ ማጎንበስና መደፋት፣ እንደሌለው አትርሺ» አለኝ። ቆምኩ። ከመጀመሪያው ተክቢራ በኋላ ፋቲሓ፣ ከሁለተኛው በኋላ በነቢዩ ላይ ሰለዋት፣ ከሦስተኛው በኋላ ለአባቴ ዱዓ። ሦስተኛው ላይ ረጅም ሰዓት ቆየሁ። ስጨርስ መቅበር ማለት ምን እንደሆነ በሰውነቴ ገባኝ፤ ከዚያ በኋላ እንቅልፍ ወሰደኝ። «በዚያው ዕለት ነገሩ» የሚለው ግን እስካሁን ከልቤ አልወጣም። ረሱል አላቆዩትም።

በማግሥቱ ኡስታዝ ራሱ ደወለ። «ሰላቱ አለቀ እንጂ የአባትሽ ሐቅ አላለቀም» ብሎ የኢብኑ ዑመርን ነገር ጨመረልኝ። ሶሐባው ዐብዱላህ ኢብኑ ዑመር ወደ መካ ሲሄድ አንድ የገጠር ሰው አገኘና የሚጋልበውን አህያ ሰጠው፣ የራሱን ጥምጥም ፈትቶ ሸለመው። «ኧረ ለእነዚህ ትንሽም ይበቃቸዋል» ሲሉት «የዚህ ሰው አባት የአባቴ የዑመር ወዳጅ ነበር» አለ። ከበጎ ሥራ ሁሉ በላጩ ልጅ የአባቱን ወዳጆች መዘየሩ ነው ሲሉ ከረሱል ሰምቷል። ሐዲሱ ሙስሊም ዘግቦታል።

እንግዲህ አዲስ አበባ የመጣሁት ሁለት ሰው ፍለጋ ነው።

የመጀመሪያውን ወዲያው አገኘሁት። ቅመም ተራ፣ ኮረሪማና ጥቁር አዝሙድ በጆንያ ከፍቶ የሚቀመጥ ሐጂ ነው። ጅዳ እያለሁ፣ ሞቱን ሳልሰማ፣ ለአባቴ የገዛሁትን ነጭ ጀለቢያ ሰጠሁት። ሁለት ዓመት ሻንጣዬ ውስጥ ነበር። ሐጂ አጭር ነው፣ አባቴ ረጅም ነበር። ለብሶ ቆመና ጫፉ መሬት ሲጎተት አይቶ «አባትሽ ቢኖር ያሳጥርልኝ ነበር» አለ። ሁለታችንም ጆንያው ላይ ተቀመጥን፤ ደንበኛ መጥቶ ሲጠይቅ የመለሰለት የለም።

ሁለተኛው ዶሮ ማነቂያ የሚኖር ሰዓት ሠሪ ነበር። ሰፈሩ በ2016 ፈርሷል። ቆሜ ሳየው ማን ቤት የት እንደነበር መለየት አቃተኝ። ጅዳ ሆኜ የናፈቅኩት መንገድ ከእግሬ ሥር የለም። ነዋሪው ከተማ ዳር ተበትኗል፣ ቁጥሩን የሚያውቅ አጣሁ። ሐጂ ነው መላውን የነገረኝ፦ «በ23 ጊዮርጊስ ሳይሳለም አይውልም።» በ23 ጠዋት አራዳ ጊዮርጊስ በር ላይ ጠበቅኩት። ነጠላውን መስቀለኛ አጣፍቶ ሲወጣ ሒጃቤን ሳይሆን ዓይኔን አየ፤ «የሰፊው ልጅ!» ብሎ አቀፈኝ።

ማኪያቶ ይዘን ተቀመጥን። ከናፍቆቱ በኋላ ሳስበው የከረምኩትን ጠየቅኩት፤ «ጋሼ፣ አባቴ ዕዳ ነበረበት?» ለእኛ የሟች ዕዳ ቀላል ነገር አይደለም፤ ከውርስ በፊት ይከፈላል።

ዝም አለ። ስጨቀጭቀው ተናገረ። ሦስቱም የሚጥሉት ዕቁብ ነበር፤ 40 ሰው፣ በሳምንት 500 ብር። አባቴ በ26ኛው ሳምንት ደርሶት ወስዷል፣ 14 ሳምንት ሲቀረው ሞተ። ሲወስድ ዋስ የሆነው ጋሼ ነው። ኮልፌ መቃብሩ ላይ «ዕዳ አለበት የሚል ይናገር» ሲባል እሱ ብድግ ብሎ «ዕቁቡ በእኔ ነው» ብሏል። 7,000 ብሩን በየሳምንቱ ከሰዓት ጥገናው እየቆጠበ ጨርሷል። ለእናቴም አልነገራትም።

እኔ ደግሞ የማውቀውን ነገርኩት። ረሱል ዘንድ ጀናዛ መጣ፤ «ዕዳ አለበት?» ብለው ጠየቁ። «ሦስት ዲናር» ተባሉ። «ለጓደኛችሁ ስገዱበት» ብለው ራሳቸው ሳይሰግዱ ሊተዉት ሲሉ ሶሐባው አቡ ቀታዳ «ዕዳው በእኔ ነው» አለ።

«ከዚያስ?» አለኝ ጋሼ።

«ከዚያ ሰገዱበት።»

ነጠላውን ወደ ፊቱ ሳበና ቆየ። ብሩን ብሰጠው አልነካም አለ፤ ሦስት ጊዜ ለመንኩት። በመጨረሻ «ዕቁቡ እኮ አሁንም አለ» አለኝ።

እሑድ መርካቶ ሐጂ ሱቅ ተሰበሰብን። ሐጂ ጀለቢያውን አሳጥሮ ለብሶታል። ጸሐፊው መዝገቡን ገልጦ የመጀመሪያ 500 ብሬን ተቀበለና «በማን ስም ልጻፍ?» አለ። እኔ አፌን ሳልከፍት ጋሼ መለሰለት፦

«በአባቷ ጻፈው። ዋሷ እኔ ነኝ።»