«ይዞታ» ስንል ምን ማለታችን ነው?

ከካራ አለፍ ብሎ በሚገኘው ሰፈራችን ለብዙ ዓመታት ጎመንና ድንች ሲያለሙ የኖሩ አንዲት ጎረቤቴ፣ አንድ ቀን ጠዋት ቢነሱ ጓሯቸው በቆርቆሮ ታጥሮ አገኙት። ያጠረው ሰው የያዘው የሽያጭ ውል ነበር። ወር ሳይሞላ የሁከት ይወገድልኝ ክስ፣ ማለትም በእጃቸው ባለው ቦታ ላይ የገባባቸውን ሰው ፍርድ ቤት እንዲያስቆምላቸው የሚጠይቅ ክስ፣ አቀረቡ። ነገር ግን የሥር ፍርድ ቤቱ ክርክሩ ገና በጅምር ላይ እያለ፣ ተከሳሹ ውል ስላቀረበና ከሳሽ የይዞታ ማረጋገጫ ካርታ ስለሌላቸው፣ ፍርድ እስኪሰጥ ድረስ ቦታውን ለተከሳሹ እንዲያስረክቡ አዘዘ። «ልጄ፣ ካርታ የሌለው ሰው ከዳኛ ፊት አይቆምም ማለት ነው?» ሲሉ ጠየቁኝ።

በጥብቅና ሥራዬ ደጋግሜ እንዳየሁት፣ የስህተቱ ምንጭ «ይዞታ» የሚለው ቃል ራሱ ነው። በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ በአንቀጽ 1140 ይዞታ የሚለው ነገሩን በእጅ አድርጎ በእውነት ማዘዝን ነው፤ በአስተዳደር ቢሮዎች ግን ቃሉ በካርታ የተረጋገጠ መብትን ያመለክታል። በአንቀጽ 1149 የሚቀርበው ክስ የሚመረምረው የመጀመሪያውን ነው፤ ሁከቱ በተፈጠረበት ጊዜ ቦታው በማን እጅ ነበር? ተከሳሹ ክሱን የሚያከሽፈው፣ ለአድራጎቱ መብት እንዳለው ወዲያውኑና በማያጠራጥር ሁኔታ ካስረዳ ብቻ ነው። ገና ክርክር ያለበት ውል ይህን አያሟላም። መሬት የመንግሥትና የሕዝብ በሆነበት አገር፣ ዳር ከተማ ላይ ላለ ሰው በእጁ ያለውን ቦታ ማጣት ምን ማለት እንደሆነ ለመንደሩ ነዋሪ መንገር አያሻም።

ጎረቤቴን ብዙዎች «በጊዜያዊ ትዕዛዝ ላይ ይግባኝ የለም፣ ፍርዱን ይጠብቁ» ብለዋቸው ነበር። አባባሉ መነሻ አለው፤ የ1958ቱ የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ አንቀጽ 320(3) በክርክር መካከል የሚሰጡ ትዕዛዞች ከመጨረሻው ፍርድ ጋር ካልሆነ በቀር ለብቻቸው ይግባኝ እንዳይባልባቸው ይከለክላል። ሆኖም ንዑስ አንቀጽ 4 ንብረትን ወይም መብትን ከአንዱ ወደ ሌላው የሚያስተላልፍን ትዕዛዝ ከዚህ ክልከላ ያወጣዋል። እኛም ይግባኛችንን በዚሁ ላይ መሠረትን፤ ይግባኝ ማለት ብቻውን አፈጻጸምን ስለማያስቆም ከይግባኙ ጋር የእግድ ጥያቄ አያይዘን አቀረብን። እግዱ ባይጠየቅ ኖሮ መሠረት ተቆፍሮ ግድግዳ ይቆም ነበር፤ ያን ጊዜ ይግባኙን መርታት ምን ይፈይዳል?

የይግባኝ ሰሚው ችሎት ትዕዛዙን ሽሮ፣ የሥር ፍርድ ቤቱ አጥሩ ከመሠራቱ በፊት በቦታው ላይ ማን ያዝበት እንደነበር ምስክር ሰምቶ እንዲወስን መዝገቡን መለሰ። ይህን ለሌሎች ጎረቤቶቼ ስናገር አንድ ነገር አጥብቄ እላለሁ፦ ሽምግልና መልካም ነው፤ ነገር ግን ሁከቱ ከተፈጸመበት ቀን አንሥቶ 2 ዓመት ካለፈ የሁከት ክስ ይታገዳል፤ ሽማግሌ መቀመጡም ቀኑን አያቆመውም።

ቆርቆሮው ተነሥቷል፤ ጎመኑ ግን በሠራተኞቹ እግር ጠፍቷል። ሰውዬው ውሉን ይዞ ሌላ ክስ መሥርቷል፤ ይህም መብቱ ነው። የውሉና የካርታው ጉዳይ የሚመረመረው በዚያ መዝገብ ነው።