ሂሳቡን ያሳገድኩት ራሴ ነበርኩ

ከሸሪኬ ጋር ስንጣላ ትልቁን ስህተት የሰራሁት እኔ ነኝ፣ ያውም በአንድ ገጽ ደብዳቤ። ከድርጅቱ ሂሳብ ለማላውቀው አቅራቢ ደጋግሞ ክፍያ ሲወጣ አየሁ፣ ጠየቅኩት፣ አድበሰበሰው፣ እኔም በንዴት በማግስቱ ባንክ ሄጄ "በመካከላችን አለመግባባት ስላለ ያለ እኔ ፊርማ ምንም ብር እንዳይወጣ" ብዬ ጽፌ አስገባሁ። ሂሳቡ ግን ከሁለታችን በአንዳችን ፊርማ የሚንቀሳቀስ ነበር። እሱም ሰምቶ "የእሱ ደብዳቤ ዋጋ የለውም፣ እኔም ፈራሚ ነኝ" የሚል ደብዳቤ አስገባ። ባንኩ ሁለታችንንም ትቶ ሂሳቡን ዘጋው። ደሞዝ ሊከፈል ዘጠኝ ቀን ቀርቶት ነበር።

ያኔ ባንኩ የሱ ወዳጅ መስሎኝ ነበር፣ ቅርንጫፉ ውስጥ ጮኼ ወጥቻለሁ፣ አሁን ሳስበው ያሳፍረኛል። ባንክ ማን ሌባ ማን እውነተኛ ብሎ አይፈርድም። ሁለት ፈራሚዎች የሚጋጭ ትዕዛዝ ከሰጡት ለአንዱ ቢከፍል ሌላው ይከሰዋል፣ ስለዚህ የሚለው ነገር አንድ ነው፦ ወይ ሁለታችሁም የፈረማችሁበት ደብዳቤ አምጡ ወይ የፍርድ ቤት ትዕዛዝ። በነሱ ቦታ ብሆን እኔም እንደዛ ነው የማደርገው።

ጭራሽ ደግሞ እሱ ሽርክናው ይፍረስልኝ ብሎ ፍርድ ቤት ከሰሰና የእግድ ትዕዛዝ አወጣ። አሁን ሂሳቡ በሁለት ቁልፍ ተቆለፈ ማለት ነው፣ የባንኩ ራሱን የመጠበቅ እግድ አንድ፣ የፍርድ ቤቱ ሁለት። ሁለቱ እንደሚለያዩ ያወቅኩት ዘግይቼ ነው፣ አንዱ ሲነሳ ሌላው አብሮ አይነሳም።

ጠበቃዬ ስታገኘኝ የጠየቀችው ስለ ክህደቱ አይደለም፣ "ውሉን አምጣው" ነው ያለችው። ከኢንተርኔት አውርደን ስማችንን ብቻ ቀይረን የፈረምነው ውል ነበር፣ መጨረሻው ላይ "አለመግባባት ቢፈጠር በግልግል ዳኝነት ይታያል" ይላል፣ ማለትም ፍርድ ቤት ሳይሆን እኛው የተስማማንበት ዳኛ ይፈርዳል። መኖሩንም ረስቼዋለሁ። እኔ ቶሎ መልስ ሰጥቼ ልሟገት ስል አስቆመችኝ፣ ምክንያቱም ብዙ አገሮች የግልግል ህጋቸውን የቀዱት የተባበሩት መንግስታት የንግድ ህግ ኮሚሽን እ.ኤ.አ. በ1985 ካወጣው ሞዴል ህግ ነው፣ እዛ ላይ ደግሞ ጉዳዩ ወደ ግልግል ይሂድልኝ የምትለው በፍሬ ነገሩ ላይ የመጀመሪያ መልስህን ከመስጠትህ በፊት ወይም ግፋ ቢል ከመልሱ ጋር አብረህ ነው። ዝም ብዬ መልሴን አስገብቼ ቢሆን መብቱ አምልጦኝ ነበር።

ያቺ አንድ መስመር ግን ስንት ዳኛ፣ የት፣ በምን ቋንቋ፣ ማን ይሾማል የሚለውን አንዱንም አትናገርም። ሞዴል ህጉ ቁጥሩን ካልተስማማችሁ ሶስት ዳኛ ነው የሚለው፣ ሶስት ዳኛ ማለት ሶስት ሰው የምትከፍለው ብር ነው፣ የተዘጋ ሂሳብ ይዘህ! ብቻ ለስንት ጊዜ ተለማምጠን በአንድ ዳኛ ተስማማን፣ በዛ ዓመት የተስማማንበት ብቸኛው ነገር መሰለኝ።

እዚህ ጋ የተማርኩትን ረዘም አድርጌ ልጻፈው፣ ብዙ ሰው አያውቀውም። የግልግል ዳኛ ባንኩን ማዘዝ አይችልም። ስልጣኑ የሚመጣው ከኛ ውል ነው፣ ባንኩ ደግሞ ውሉ ላይ አልፈረመም። ዳኛው የሚያዙት እኛን ነው። ስለዚህ እኛ የጠየቅነው "ሂሳቡ ይከፈት" ብለን አይደለም፣ ለደሞዝ፣ ለኪራይና ለግብር ብቻ የሚሆነው ከነዝርዝሩ፣ ገለልተኛ የሂሳብ ባለሙያ እያየው፣ ሁለታችንም ለባንኩ የጋራ ደብዳቤ እንድንፈርም እንድንታዘዝ ነው። ዳኛው ተቀበሉት። እሱ አልፈርምም አለ። ያኔ ትዕዛዙን ይዘን ፍርድ ቤት ሄድን፣ ፍርድ ቤቱ አስፈጸመው፣ የራሱንም እግድ በዛው ልክ አላላው። ጠበቃዬ ከመጀመሪያው ቀጥታ ፍርድ ቤት ብንሄድም ይቻል ነበር አለችኝ፣ የግልግል ስምምነት አለ ማለት ጊዜያዊ ትዕዛዝ ለመጠየቅ የፍርድ ቤቱ በር ተዘጋ ማለት አይደለም። ያንን ብናደርግ ኖሮ ሁለት ወር እናተርፍ ነበር።

ማስረጃ ላይ ደግሞ ጉዴ ወጣ። ስክሪንሾት ሰብስቤ ነበር፣ የሱ ጠበቃ ግማሹን ቆርጠህ ነው ያመጣኸው አለና ሙሉውን ቻት ከስልኩ አውጥተን ማቅረብ ነበረብን፣ ሙሉው ሲወጣ እኔም የተናገርኩት ነገር አብሮ ወጣ፣ ስድቤ ሁሉ ሳይቀር። ደህና ያዋጣኝ የባንክ ስቴትመንቱን ከደረሰኝ ጋር አንድ በአንድ ያመሳከርኩበት ሰንጠረዥ ነው፣ ሶስት ሌሊት ፈጀብኝ። ያ የማላውቀው አቅራቢ የሱ ዘመድ ሆኖ ተገኘ፣ ከክፍያዎቹ አራቱ ግን እውነተኛ እቃ የመጣባቸው ነበሩ፣ እኔ ሁሉንም ሌብነት ብዬ ነበር የደመደምኩት።

ውሳኔው ሲመጣ እቃ ያልመጣበትን እንዲመልስ ተባለ፣ ድርሻውን ደግሞ በገለልተኛ ገማች ዋጋ እንድገዛው ተወሰነ። ድርጅቱ ሲቸግረው ከኪሴ ያስገባሁትን ብር ግን አጣሁት፣ ብድር ይሁን መዋጮ የሚል አንድ ወረቀት ስላልነበረኝ። ተናድጄ ይግባኝ ልበል አልኩ፣ እሷ ሳቀች። ሞዴል ህጉን በተከተሉ አገሮች ውሳኔውን ማሰረዝ የሚቻለው በሶስት ወር ውስጥ በህጉ በተዘረዘሩ ጥቂት ምክንያቶች ብቻ ነው፣ ዳኛው ማስረጃዬን በደንብ አልመዘኑም ማለት ከነሱ ውስጥ የለም። ንብረቱን ወደ ውጭ ካሸሸስ ብዬም ጠየቅኳት፣ እ.ኤ.አ. የ1958ቱን የኒውዮርክ ስምምነት ከ170 በላይ አገሮች ተቀብለውታል፣ የግልግል ውሳኔ ይዘህ እዛም ሄደህ ማስፈጸም ትጠይቃለህ አለችኝ። እዛ ድረስ አልደረስንም፣ ከፈለ።

ሂሳቡ ግን በዛው ቀን አልተከፈተም። ባንኩ ውሳኔውን ሲያይ ይሄ የፍርድ ቤት ማህተም የለውም ብሎ መለሰን፣ እግዱን ያነሳው ፍርድ ቤት በቀጥታ እስኪጽፍላቸው ሌላ ሶስት ሳምንት ሄደ። ሲከፈት መጀመሪያ ያወጣሁት የቀረውን የሰራተኛ ውዝፍ ነው። ከስድስቱ ሁለቱ ሌላ ቦታ ገብተው ነበር፣ ውዝፋቸውን እዛው ድረስ ሄጄ ነው የሰጠኋቸው።