አድ ሽርም ላይ የቆመ፣ አስመራ ላይ የቆመ

ሰሞኑን ማታ ማታ የማነበው በሰሜን ኤርትራ አፋቤት ላይ ስለተደረገው ውጊያ ብቻ ሆኗል። የደርግ ዘመን መኮንኖች የጻፉትን፣ ተራ ወታደሮች በየቃለ መጠይቁ የተናገሩትን፣ በወዲያኛው ወገን ደግሞ የሻዕቢያ ታጋዮች የሚተርኩትን ጎን ለጎን አድርጌ አያለሁ። ባለቤቴ «አሁን ይሄ ለእንቅልፍ ይሆናል?» ትለኛለች። እውነቷን ነው፣ አይሆንም።

ነገሩ ባጭሩ የታወቀ ነው። ከመጋቢት 8 እስከ 11 ቀን 1980 ዓ.ም. ባሉት ቀናት የደርግ ጦር የነበረው ናደው ዕዝ ፈረሰ። 14ኛ፣ 21ኛና 22ኛ ክፍለ ጦር፣ 29ኛው ሜካናይዝድ ብርጌድ፣ አፋቤት ላይ የነበረው ጠቅላይ መምሪያና የጥይት ክምችቱ፣ ሁሉም። የሻዕቢያን ዋና ይዞታ ናቅፋን ፊት ለፊት ገጥሞ ለዓመታት ምሽግ ውስጥ የከረመ ጦር ነው። ከዚያ ወዲያ ሠራዊቱ ባሬንቱን፣ ተሰነይንና አቆርዳትን ለቅቆ ወጣ፤ መንግሥትም ከሶማሊያ ጋር በችኮላ ተስማምቶ የምሥራቁን ጦር ወደ ሰሜን አዞረ። ይህን ማንም ያውቀዋል። እኔን ያሰረኝ ግን አንድ ጠባብ ቦታ ነው፤ አድ ሽርም የሚባለው ማለፊያ።

ሜካናይዝዱ ከግንባር ተነሥቶ ወደ አፋቤት ሲያፈገፍግ እዚያ ማለፊያ ላይ ደረሰ። የፊተኛው ታንክ ተመታና መንገዱ ተዘጋ። ከኋላው ያለው ታንክና ካሚዮን በሙሉ ተደርድሮ ቀረ። ከዚያ የወገን ጄቶች መጡና ያንኑ የወገን ሰልፍ ደበደቡት።

ይህን አንድ ሰዓት የሚያክል ነገር ሦስት ሰው ሦስት ዓይነት አድርጎ ይነግረኛል። ከፍተኛ መኮንኖቹ የሚጽፉት ከመምሪያ ሆነው ነው፦ መሣሪያው በጠላት እጅ እንዳይወድቅ እንዲመታ ተወሰነ። አንድ መስመር ናት፤ ከዚያ ምዕራፉ ወደ ከረን መከላከያ ይሻገራል። ታጋዮቹ የሚያወሩት ከሸንተረሩ ላይ ነው። እነሱ ታንኩን ለመማረክ ቁልቁል ሲሮጡ ጄቶቹ ቀድመዋቸው ደረሱ፤ ሲያወሩት ዛሬም ያልወጣላቸው መገረም አለባቸው። ሦስተኛው የእኔ ሰው ነው፤ የአባቴ የአጎት ልጅ፣ ጋሼ የምላቸው። በብሔራዊ ውትድርና ተወስደው ቶላይ ሠለጠኑ፤ መንጃ ፈቃድ ስለነበራቸው ኡራል የጭነት መኪና አሲዘው ወደ ኤርትራ ላኳቸው። በዚያ ሰልፍ ውስጥ ነበሩ።

ጋሼ ስለ ጦርነቱ ሲያወሩ የሚጀምሩት ከውጊያው አይደለም፤ ከጎማ ነው። ከጥቂት ቀን በፊት ከግምጃ ቤት አዲስ ተቀያሪ ጎማ ፈርመው ወስደው ነበር። ማለፊያው ላይ ሰልፉ ሲቆም ከኋላ ያለው መኪና አፍንጫውን ከኡራላቸው ቂጥ ላይ ለጥፎ ቆመ፤ ወደፊት የለ፣ ወደኋላ የለ፣ በአንድ በኩል ገደል በሌላው ቋጥኝ። ሞተሩን ሳያጠፉ ዘለው ወረዱ። «ያን ጎማ ያስከፍሉኛል ብዬ ነበር የማስበው» ይላሉ። እሳት ከላይ እየዘነበ! ከረን እስኪደርሱ፣ ሌሊቱን በእግራቸው ሲጓዙ፣ ውሃ ጥም ምላሳቸውን አስሮት እንኳ፣ ለንብረት ክፍል ምን እንደሚሉ ያሰላስሉ ነበር። ይህ ነገር በየትኛውም የመኮንን ትዝታ ውስጥ የለም። እንዳለ ሆኖ፣ ስለዚያ ጦር ሁኔታ ብዙ ገጽ ከሚፈጅ ትንተና ይልቅ ለእኔ የሚነግረኝ እሱ ነው፤ ሞትን ከንብረት ክፍል ቀጥሎ የሚፈራ ወታደር።

ስለ ጄቶቹ ጠየቅኳቸው። «ሚግ ደረሰልን ብለን እጃችንን አውለበለብን» አሉኝ። አብራሪው ተሳስቶ ነው ብለው ለብዙ ዓመት ያምኑ ነበር። መሣሪያው እንዳይማረክ ተብሎ የተመታ መሆኑን የሰሙት ሠራዊቱ ከተበተነ በኋላ፣ አዲስ አበባ ላይ፣ ከሌላ የቀድሞ ወታደር አፍ ነው። የመኮንኑን አንቀጽ ሳነብላቸው ዝም ብለው ሰሙኝና «ይሄን ሲወስኑ የት ነበሩ?» አሉ። አስመራ ይመስለኛል አልኳቸው። ይናደዳሉ ብዬ ጠብቄ ነበር፤ እሳቸው ግን «እኔም አስመራ ብሆን እንደዚያው ነበር የማደርገው ይሆናል። ካርታ ላይ እኮ እኛ አንታይም» ብለው ወደ ሌላ ወሬ ዞሩ።

ከዚያ ቀን ወዲህ እያንዳንዱን ትዝታ ሳነብ ተራኪው የቆመበትን ቦታ ቀድሜ እፈልጋለሁ። የሚገርመው፣ ብዙዎቹ አይነግሩህም። «ጦራችን ከፍተኛ መሥዋዕትነት ከፍሎ ቦታውን ለቀቀ» ይላል፤ አንተስ ጌታዬ፣ ያን ጊዜ የት ነበርክ? ወታደሮቹም ከዚህ አያመልጡም። ሁሉም ከምሽጉ መጨረሻ የወጣው እሱ ነው፤ እንደነሱ አነጋገር ቢሆን ቀድሞ የወጣ ሰው ባልነበረ። ከ30 ዓመት በኋላ የሬዲዮ ንግግሩን ቃል በቃል፣ ከነነጠላ ሰረዙ የሚጽፍ መኮንንም አምኜው አላውቅም። የታጋዮቹ ትረካ ደግሞ ሌላ ጣጣ አለው፤ ያሸነፈ ሰው «እኛ» ማለት ይቀለዋል፤ በዚያ «እኛ» ውስጥ ያቺን ተራራ ሲወጡ የወደቁት ጓዶቹ ቁጥርም፣ ስምም፣ ፍርሃትም አጥተው ይቀራሉ። ደስ የሚለኝ «ይህን አላየሁም፤ የሰማሁት ነው» የሚል ሰው ነው። ጥቂት ናቸው።

ከሁሉ የከበደኝ ግን ያልተጻፈው ነው። አፋቤት ከመውደቁ አንድ ወር ገደማ ቀደም ብሎ፣ በየካቲት 1980፣ የናደው ዕዝ አዛዥ የነበሩት ብርጋዴር ጄኔራል ታሪኩ ዓይኔ በመንግሥቱ ኃይለ ማርያም ትዕዛዝ ተገደሉ። ያን ግንባር፣ ቦዩን፣ ሸለቆውን፣ የትኛው ኮረብታ ላይ ያለ ሻለቃ እንደተሟጠጠ ከሁሉ የሚያውቁት ሰው ማለት ነው። ዛሬ ስለ አፋቤት የሚጻፍ ትዝታ ሁሉ በእሳቸው ዙሪያ ይዞራል። አንዱ፣ ጄኔራሉ ቢኖሩ ግንባሩ አይሰበርም ነበር ይላል፤ ሌላው ቀድሞ የተበላሸ ግንባር ነበር ይላል። መልስ መስጠት የሚችለው ሰው የለም።

እሳቸው ብቻ አይደሉም። ናቅፋ መጀመሪያ በ1969 ስትወድቅ ወራት በፈጀው ከበባ ውስጥ መከላከሉን የመሩት ሻለቃ ማሞ ተምትሜ ራሳቸውን አጠፉ። ኤታማዦር ሹሙ መርዕድ ንጉሤና የአየር ኃይሉ አዛዥ አምሃ ደስታ በግንቦት 1981ዱ መፈንቅለ መንግሥት ሙከራ ራሳቸውን ሲያጠፉ፣ የሁለተኛው አብዮታዊ ሠራዊት አዛዥ ደምሴ ቡልቶ አስመራ ላይ ተገደሉ። በዓመቱ ደግሞ የታሰሩት ጄኔራሎች ተረሸኑ። ትግራይ ውስጥ ሽሬ ላይ የደርግ ጦር 604ኛው ኮር የፈረሰው ከዚያ ሙከራ ሦስት ወር ቀደም ብሎ ስለሆነ፣ ስለ ሽሬም አብዝተው ሊናገሩ የሚችሉት አብረው ሄዱ። የጻፉልን እንግዲህ የተረፉት ናቸው፤ የተማረኩት፣ የታሰሩት፣ የተሰደዱት። ጥፋቱን ወደ ላይ ወደ ቤተ መንግሥት፣ ወይም ወደ ጎን ወደ ሟች ማሳለፍ ለእነሱ ቀላል ነው፤ ሁለቱም አይመልሱማ። ግማሹ እውነት መሆኑንም አልክድም። አዛዡ አንድ ጦር ከቦታ ቦታ ለማንቀሳቀስ የፖለቲካ ኮሚሳሩንና የደኅንነቱን ሰው ፊት ማየት በነበረበት ሠራዊት ውስጥ፣ ማን ምን እንደወሰነ መለየት ለራሳቸውም ከባድ ነበር።

አሁን የጀመርኩት የምጽዋን ነው፤ የየካቲት 1982ቱን። እዚያ ታሪኩ የሚጠበው ከየብሱ ወደ ጥዋለት ደሴት በሚወስደው ቀጭን የባሕር ላይ መንገድ ላይ ነው። ሻዕቢያ ታንኮቹን በዚያ መንገድ አስገባ፤ ከነሱ ሦስቱ ዛሬ ከተማው ውስጥ ሐውልት ሆነው ቆመዋል። በወዲህ በኩል ጄኔራል ተሾመ ተሰማ እጅ አልሰጥም ብለው ራሳቸውን ሠዉ፤ እንደገና የሚናገረው ሰው የለም ማለት ነው። ከደሴቷ ተርፈው የተማረኩት ወታደሮች ግን ብዙ ናቸው፤ የሁሉም ወሬ ውሃ ነው። ዙሪያውን ባሕር ሆኖ የሚጠጣ ጠፍቶ። ስለ ውጊያው ስንት ጥያቄ ብትጠይቃቸው ወደ ጀሪካን ይመልሱሃል።

ለጋሼ ይህን ስነግራቸው፣ እዚያ የነበረ እግረኛ አንድ ሰው እንደሚያውቁ ነገሩኝ። እስካሁን ለልጆቹ እንኳ አውርቶ አያውቅም አሉ። እሁድ ከቤተ ክርስቲያን ስንወጣ ይዘውኝ ሊሄዱ ተስማምተዋል። አንድ ነገር ብቻ አስጠንቅቀውኛል፦ ደብተርና ስልክ እንዳላወጣ፣ መጽሐፍ ላይ ያነበብኩትንም ለሰውዬው ቀድሜ እንዳልነግረው። «አንተ ከነገርከውማ እሱን ራሱን መልሶ ይነግርሃል» አሉኝ።