ጀፔ ላይ ከጥቅል ዕቃ ጋር መወዳደር

ጆሃንስበርግ ውስጥ ጀፔ በሚባለው የገበያ መንገድ ላይ ያለው አበሻ ነጋዴ ሲኖር የቆየው መሃል ላይ ሆኖ ነው። ክራውን ማይንስ አካባቢ ካሉት የቻይና ሞሎች በካርቶን ያነሳል፤ ፈትቶ ከሶዌቶም ከዚምባብዌም ለሚመጣ ገዢ በደርዘንና በነጠላ ይሸጣል። አሁን ሞሎቹ ራሳቸው በነጠላ ይሸጣሉ፤ ከጃንዋሪ 2024 ወዲህ ደግሞ በስልክ ታዝዞ ጥቅሉ ከቻይና ቤት ድረስ የሚላክባቸው የኦንላይን ሱቆች መጥተዋል፤ ተሙ በሺኢን ላይ ተደርቧል።

ብዙ ሰው የዋጋውን ልዩነት ከፋብሪካው ብቻ ያመጣዋል፤ ቀረጡ ግን መሰላት አለበት። በኮንቴነር የሚገባ ልብስ 45 በመቶ ቀረጥ አለበት። በ100 ራንድ የተገዛ ቀሚስ ላይ 45 ይጨመራል። ቫት የሚሰላው በ100፣ ለቫት ስሌት ብቻ በላዩ በሚታከለው 10 በመቶና በቀረጡ ድምር፣ ማለትም በ155 ራንድ ላይ ነው፤ 15 በመቶው 23.25 ይሆናል። ማጓጓዣ ሳይቆጠር ቀሚሱ 168.25 ገባ ማለት ነው። ከ500 ራንድ በታች የሆነ ጥቅል ግን እስከ ኦገስት 2024 መጨረሻ ድረስ ቫት ሳይነካው በ20 በመቶ፣ በ120 ያልፍ ነበር። በዚያው ዓመት ቫት ተጨመረበት፣ የቀረጡም ምጣኔ ተስተካከለ። ገዢው ግን በስልክ ማዘዙን ለምዷል።

ስለዚህ በቀሚስና በቲሸርት ዋጋ መጋፋት አያዋጣም። ገንዘቡን የሚበላው ሳይሸጥ የሚቀረው ሳይዝ (ልክ) ነው። 12 ፍሬ በ960 ራንድ ተገዛ እንበል፤ አንዱ 80 ወጣበት። በ110 ተሽጦ ሦስት ትንንሽ ሳይዞች ቢቀሩ የተገኘው 990 ነው፤ ትርፉ 30 ራንድ፣ ኪራይ ገና ሳይነሳ። ለመፎካከር ወደ 100 ከተወረደማ 900 ብቻ ይገኛል፣ ዋናውም ይጎድላል።

የሚሻለው ለመላክ የሚከብድ ዕቃ ነው፦ ብርድ ልብስ፣ አልጋ ልብስ፣ በተለይ መጋረጃ። ገዢዋ የመስኮቷን ልክ ይዛ መጥታ፣ እዚያው ተቆርጦ ተሰፍቶላት ትሄዳለች። ብርድ ልብስ እስከ ኤፕሪል መጨረሻ መግባት አለበት፤ ብርዱ ከጁን እስከ ኦገስት ስለሆነ ጁላይ ላይ የገዛ ሰው ገንዘቡን ለከርሞ ያስራል።

ሎኬሽን ለሎኬሽን፣ ማለትም ከከተማው ወጣ ባሉት የጥቁሮች ሰፈሮች፣ ዞረው በዱቤ የሚሸጡት ልጆች ጉልበታቸው እምነት ነው፤ በስልክ የሚታዘዝበት ሱቅ ደንበኛዋን እስከ ወር መጨረሻ አይታገሳትም። ሆኖም የመጀመሪያው ተከፍሎ ሳያልቅ ሁለተኛ ዕቃ አይሰጥ።

የታወቀ ስም የተለጠፈበት ኮፒ ጫማ ይቅር፤ በፍተሻ ከተወረሰ ዋናው ገንዘብ አብሮ ይሄዳል። ለቀረውም ዕቃ ደረሰኙ ላይ ዓይነቱና ብዛቱ በግልጽ ይጻፍ፤ «ልዩ ልዩ ዕቃ» የሚል ወረቀት ፍተሻ በመጣ ቀን አያድንም።