የጆንያው ስፌት

ዛሬ አዘዞ ላይ የማዳበሪያ መኪና ሲራገፍ ቆሜ አየሁ። አንዱ አውራጅ ጆንያውን ከመሸከሙ በፊት አፉን በጣቱ ይዳብሳል።

«ምን እያየህ ነው ወንድሜ?» አልኩት።

«ስፌቱን። ከላላ ይፈሳል። የገበሬ ገንዘብ ነው እኮ!»

ያን አፍ የሰፉት ጅቡቲ ወደብ ላይ ነው። ማዳበሪያው በመርከብ ልቅ ሆኖ ይመጣል። እዚያ በ50 ኪሎ ጆንያ ይሞላል፣ ይሰፋል፣ መኪና ላይ ይጫናል። እኛ ክረምት ብለን ጋቢ ስንደርብ የነሱ ሙቀት ከ40 ዲግሪ ያልፋል። በዚያ ሐሩር ነው የሚሠሩት።

እኛ የምናወራው ስለ ዋጋው ብቻ ነው። ስለ ተሸካሚው ማን ያነሳል?

አውራጁ ልጅ ጓንት የለውም። አፉን የሸፈነው በነጠላ ቁራጭ ነው። አቧራው እኔን ቆሜ እንኳ ዓይኔን አቃጠለኝ። አሠሪዎች፣ እባካችሁ ጓንትና ማስክ ግዙላቸው። ውድ አይደለም።