በምጤ ሰዓት አጠገቤ ማን ይቁም?

ዘጠነኛ ወሬን ይዣለሁ፤ ሌሊት እንቅልፍ የለኝም። ጎኔን ባዞርኩ ቁጥር ሆዴ ውስጥ ያለውም አብሮኝ ይገላበጣል። ሰፈሬ ቱሉ ዲምቱ በዚህ ሰዓት ጸጥ ይላል፤ ከአዳማው ፈጣን መንገድ በኩል አልፎ አልፎ የከባድ መኪና ድምፅ ይመጣል፣ ሌላው የውሻ ጩኸት ነው። የሕፃኑ ልብስ ታጥቦ ተቀምጧል፣ የገንፎው ዱቄት ተሰናድቷል፤ ስለ እነሱ አልጨነቅም። ሐሳቤን የያዘው የምወልድበት ክፍል ነው፤ ማን ይኖርበታል፣ በምን ድምፅ ያናግሩኛል፣ ሲጨንቀኝ ፊቴን ወደ ማን አዞራለሁ።

የመጀመሪያ ልጄን የወለድኩት መሀል ከተማ ነው፤ የት እንደሆነ መናገር አልፈልግም። ባለሙያዎቹ ሥራቸውን የሚያውቁ ነበሩ፤ እኔም ልጄም በሰላም ወጥተናል፣ ፈጣሪ ይመስገን። ግን ባለቤቴም እናቴም ከበር ውጪ ቀሩ። በአልጋዎቹ መሀል መጋረጃ አልነበረም። ከጎኔ የነበረችው ልጅ እግር ሴት "እናቴን ጥሩልኝ" እያለች ስታለቅስ "ዝም በይ! ለመውለድ አንቺ የመጀመሪያዋ ነሽ እንዴ?" ተባለች። እኔን ማንም ክፉ አልተናገረኝም። እሷን ሲቆጧት ግን የኔም ሰውነት ተኮማተረ። ቤት እያለሁ እየተቀራረበ የመጣው ምጥ እዚያ አልጋ ላይ ከወጣሁ በኋላ ተራራቀ። "ምጥሽ ደክሟል" ተብሎ በግሉኮስ የምጥ መርፌ ተደረገልኝ።

ምጥ በብዙ ምክንያት ሊደክም ይችላል፤ የኔ በፍርሃት ብቻ ነው ብዬ አልምልም። ግን ከዚያ ወዲህ ያገኘሁትን ሁሉ አንብቤያለሁ። ማህፀን እንዲኮማተር የሚያደርገው ኦክሲቶሲን የሚባለው ሆርሞን ነው። ሴቲቱ ስትረጋጋ፣ ሲሞቃት፣ የምታምነው ሰው አጠገቧ ሲኖር በደንብ ይመነጫል። ስትፈራ ደግሞ ሰውነቷ አድሬናሊን ይለቃል፤ ይህም በዝቶ ሲገኝ ምጡን ሊያዳክመው ይችላል። ግራንትሊ ዲክ-ሪድ የተባለ እንግሊዛዊ የማህፀን ሐኪም ዛሬ ከ80 ዓመት በላይ ሆኖታል፣ ነገሩን እንደ አዙሪት አድርጎ አስረድቶታል፤ ፍርሃት ጡንቻን ይወጥራል፣ የተወጠረ ጡንቻ ሕመም ያብሳል፣ ሕመሙ ደግሞ ተመልሶ ፍርሃትን ይጨምራል። ይህን ሳነብ ያቺ ልጅ ናት ትዝ ያለችኝ። እናቷን ስትጣራ የነበረው ቅብጥ ስላለች አልነበረም፤ የሚያስፈልጋትን ነው የጠየቀችው።

እማዬ ልታርሰኝ ከደብረ ብርሃን በላይ ካለው አገሯ መጥታለች። የገብሱን ዱቄትና ቅቤውን የያዘችው እሷ ናት። ማታ ማታ ወገቤን እያሸችልኝ የራሷን ታወራኛለች። እኛን ሁላችንንም የወለደችው ቤቷ ነው። አንዷ ጎረቤት ቡና ትቆላለች፣ አንዷ ወገቧን በቅቤ ታሻለች፣ አሮጊቶቹ "ማርያም፣ ማርያም" ይላሉ፣ እሷም ስትፈልግ ትነሳለች፣ ስትፈልግ ትንበረከካለች። "ማንም አይቆጣኝም ነበር። ልጄ፣ ምጥ ላይ ያለችን ሴት ሰው አይቆጣትም" አለችኝ።

ይህን ስሰማ ልቤ ቤቴ መውለድን ተመኘ፤ እውነቱን ለመናገር ለጥቂት ቀን በጣም ተመኘ። ከዚያ አንድ ማታ የታናሽ እህቷን ነገር ነገረችኝ። አክስቴ በወሊድ እንደሞተች አውቃለሁ፤ እንዴት እንደሞተች ግን ተነግሮኝ አያውቅም ነበር። ልጁ በደህና ወጣ፣ እልልታውም ተባለ፣ ከዚያ ደሙ አልቆም አለ። መንገዱ ሩቅ ነበር፤ በቃሬዛ ተሸክመዋት መኪና መንገድ ሳይደርሱ አለፈች። እማዬ እጇን ከወገቤ ላይ ሳታነሳ "ሰው ሞልቶ ነበር። የሚወዳት ሰው ሁሉ እዚያ ነበር። ደም የሚያቆም ግን አልነበረም" አለች።

ዛሬ ጤና ጣቢያ የሚወልዱ እናቶች ልጁ እንደወጣ 10 ዩኒት ኦክሲቶሲን በመርፌ ይሰጣቸዋል፤ ማህፀኑ እንዲኮማተርና ደም እንዳይፈስ ነው። ያው ሆርሞን ነው። አክስቴ ያጣችው እሱን ነው። እኔ የመጀመሪያ ልጄን ስወልድ ይህ መርፌ ነበረልኝ፤ የጎደለኝ የአክስቴ ቤት ሰው ነበር። ሁለቱ ለምን አንድ ክፍል ውስጥ አይገናኙም? በገጠሩ ብዙ ጤና ጣቢያዎች ለወላዶች ገንፎ ማገንፋትና ቡና ማፍላት የጀመሩት እኮ ይህን አይተው ነው፤ ሴቶች የቤታቸው ወግ እዚያም ሲጠብቃቸው ይመጣሉ። መንግሥትም በ2008 ዓ.ም. በጀመረው የጤናው ዘርፍ እቅድ ውስጥ ሩህሩህ፣ አክባሪና ተንከባካቢ ባለሙያ ማፍራትን ከዋና ግቦቹ አንዱ አድርጎት ነበር። የዓለም ጤና ድርጅት በ2010 ዓ.ም. ያወጣው የወሊድ መመሪያ ደግሞ በግልጽ ተናግሮታል። ወላዷ የመረጠችው ሰው አብሯት እንዲሆን፣ ችግር የሌለባት እናት ምጥ ላይ እያለች እንድትበላና እንድትጠጣ፣ እንድትራመድ፣ በሚመቻት አኳኋን እንድትሆን ይመክራል። ከዚያ አንድ ዓመት ቀደም ብሎ የሕክምና ጥናቶችን እየሰበሰበ የሚገመግመው ኮክሬን የተባለ ድርጅት ያሳተመው ጥናት ከ15 ሺህ በላይ ሴቶች የተካተቱባቸውን 26 ጥናቶች ሰብስቦ አይቷል። በምጥ ሰዓት ሰው ሳይለያቸው የቆዩት ምጣቸው አጠር ያለ፣ በኦፕራሲዮን የመውለድ እድላቸው ያነሰ፣ ስለ ወሊዳቸውም የከፋ ትዝታ የሚይዙት ጥቂቶች ሆነው ተገኝተዋል። መድኃኒት ቢሆን ኖሮ በየመደርደሪያው እንዲገኝ በታዘዘ ነበር።

እዚህ አካባቢ ክትትል የማደርግበት ጤና ጣቢያ ያለችው አዋላጅ ይህን ሁሉ ታውቃለች። ባለፈው ጊዜ ፈራ ተባ እያልኩ ጠየቅኳት።

"ሲስተር፣ ስወልድ እናቴ አብራኝ መግባት ትችላለች?"

"ለምን አትገባም? አንድ ሰው ይፈቀዳል። እንዲያውም ይዘሻቸው ነይና ላናግራቸው።"

ይዣት ሄድኩ። ሲስተር ክፍሉን አሳየችን፤ አልጋውን፣ ልጁ የሚሞቅበትን መብራት፣ መጋረጃውን። መጋረጃውን ሳይ እንባዬ መጣ። እማዬንም ወንበር ስባ አስቀመጠቻትና እንደ ሥራ ባልደረባዋ አስረዳቻት። "እማማ፣ እርስዎ ወገቧን ያሹላታል፣ ውሃ ያጠጧታል፣ ቀስ ብላ እንድትተነፍስ ያስታውሷታል። 'ግፊ' የምላት ግን እኔ ነኝ። የማህፀን በሩ 10 ሴንቲ ሳይከፈት ከገፋች ይደክማታል።" እማዬ ትንሽ ዝም አለችና "በኛ ጊዜ ገና ሲጀምር ነበር ግፊ የሚሉን" አለች። ሲስተር አልሳቀችባትም፣ አላረመቻትም። "ዛሬ ደግሞ አብረን እናያታለን" አለቻት። ስንወጣ እማዬ መንገድ ላይ ሁለቴ "ደግ ልጅ ናት" ብላለች።

ለኔም ያላወቅኩትን ነገረችኝ። የማህፀን በር 5 ሴንቲ ሜትር እስኪደርስ ምጥ ሊዘገይ ይችላል፤ ያ የተለመደ ነው፣ ሰዓት እየቆጠርኩ ልጨነቅ አይገባም። ቤቴ ቅርብ ስለሆነ መጀመሪያ ላይ እቤት ብቆይ፣ ብራመድ፣ ገላዬን ለብ ባለ ውሃ ብታጠብ ችግር የለውም። ግን ደም ካየሁ፣ የእንሽርት ውሃ ከፈሰሰ፣ ራሴን ፈልጦኝ ዓይኔ ብዥ ካለ፣ ወይም የልጁ እንቅስቃሴ ከቀነሰ ምጥ መጣ አልመጣ ሳልል ወዲያው መሄድ አለብኝ። የታች ፎቁ ጎረቤታችን ባጃጅ አለው፤ በሌሊትም እንድንቀሰቅሰው ነግሮናል። የ907 አምቡላንስ ቁጥርም በር ላይ ተለጥፏል።

ቤቱን እንዲህ አዘጋጅቻለሁ። መብራት ሲጠፋ የሚበራ ቻርጅ የሚደረግ አምፖል አለ፤ እዚህ መብራት የሚጠፋበትን ሰዓት የሚያውቅ የለምና። ስልኩን የሚይዘው ባለቤቴ ነው። ባለፈው ጊዜ ዘመድ ሁሉ "ወለደች?" እያለ ሲደውል ስልኬ ትራሴ ሥር ሲጮህ ነበር፤ አሁን የሚመልሰው እሱ ብቻ ነው። ካርዱን መያዝ፣ ሪፈር ካስፈለገ ጥሩነሽ ቤጂንግ ሆስፒታል ድረስ አብሮኝ መሄድም የሱ ድርሻ ነው። ማዋለጃ ክፍል ልግባ ቢል ደስ ይለኝ ነበር፤ ግን ደም ሲያይ እንደሚያዞረው አውቃለሁ፣ እሱም ያውቃል። በሩ ላይ ቢቆምልኝ ይበቃኛል።

ከሁሉ የከበደኝ የሰው ወሬ ነው። ነፍሰ ጡር ሲያዩ የሞተችውን፣ የተቀደደችውን፣ ሦስት ቀን ያማጠችውን የሚተርኩ ሰዎች አሉ። ክፋት የለባቸውም፤ ግን ወሬው ሌሊት ከኔ ጋር ይተኛል። ስለዚህ ለጎረቤቶቼ በግልጽ ነገርኳቸው፤ እስክገላገል ድረስ በሰላም ስለወለዳችሁት ብቻ ንገሩኝ አልኳቸው። መጀመሪያ ደነገጡ። በማግስቱ የፊት ለፊቷ ጎረቤቴ፣ ሙስሊም ናት፣ ሦስተኛ ልጇን እንዴት እንደወለደች ልትነግረኝ ሻይዋን ይዛ መጣች። ቁጭ ብላ፣ ምጥ ላይ ሆና ስትራመድ ያደረችበትን፣ አዋላጇ እጇን ይዛ ስታዋራት የነጋበትን አንድ በአንድ አወራችኝ። ስትወጣ ዱዓ አድርጋ "በሽልም ያውጣሽ" አለችኝ። ያን ሌሊት ተኛሁ።

አንድ ነገር ደግሞ ለሲስተር አስቀድሜ ነግሬያታለሁ። ሁሉም ደህና ከሆነ ልጁን ቶሎ እንዳይወስዱብኝ። እትብቱ ቢያንስ 1 ደቂቃ ሳይሞላ እንዳይቆረጥ፣ ልጁም ራቁቱን ደረቴ ላይ እንዲሆን፣ በመጀመሪያው ሰዓት ጡት እንዲይዝ። እሷ "ይህ የኛም አሠራር ነው" አለችኝ። የመጀመሪያ ልጄን ያየሁት በፎጣ ተጠቅልሎ፣ ከሩቅ፣ በሌላ ሰው እጅ ነበር።

ነገሩ እንዳሰብኩት ላይሄድ ይችላል። ኦፕራሲዮን ሊያስፈልገኝ ይችላል፤ ካስፈለገ ይደረግ፣ ልጄና እኔ እንትረፍ። ያኔም የምጠይቀው አንድ ነገር ነው፤ የሚያደርጉኝን ከማድረጋቸው በፊት አንድ ሰው ዓይኔን እያየ ይንገረኝ።

ሐሙስ ክትትል አለኝ። አንድ ጥያቄ ቀርቶኛል፤ ሲስተር የምትሠራው ቀን ነው። ምጤ ሌሊት ከመጣ ተረኛው ሌላ ባለሙያ ነው፣ እሱን አላውቀውም፣ እማዬ እንድትገባ መፈቀዱንም ላያውቅ ይችላል። ካርዴ ላይ እንድትጽፍልኝ እጠይቃታለሁ። ከተቻለ ደግሞ ሐሙስ ማታ፣ ተረኛው ሲገባ፣ እማዬን ይዤ ተመልሼ ሄጄ አስተዋውቃቸዋለሁ።