ሰባት ቀን ስንት ቀን ነው?

የምሠራው ደሴ፣ ፒያሳ አካባቢ ባለ አነስተኛ የጉዞ ወኪል ቢሮ ውስጥ ነው። ሥራችን በአብዛኛው የአውሮፕላን ትኬት መቁረጥ ሲሆን፣ ከደንበኞቻችን ብዙዎቹ ወደ ዐረብ አገር የሚሄዱና ከዚያ የሚመለሱ የወሎ ልጆች ናቸው። ትኬታቸው ላይ መድረሻው ዲኤስኢ በሚል ምሕጻር ደሴ ተብሎ ቢጻፍም አውሮፕላኑ የሚያርፈው ኮምቦልቻ ስለሆነ፣ መንገደኛው ሻንጣውን ጭኖ የሐረጎን ጠመዝማዛ ካልወጣ ደሴ አይገባም። በዚህ ምክንያት የሻንጣ ጉዳት ብዙውን ጊዜ የሚታወቀው ማረፊያው ውስጥ ሳይሆን፣ 25 ኪሎ ሜትር ያህል ርቆ፣ ዘመድ ተሰብስቦ ሻንጣው በሚከፈትበት ቤት ውስጥ ነው።

በ2011 ዓ.ም. ሚያዝያ 15 ቀን፣ ማክሰኞ ከሰዓት በኋላ፣ አንዲት ደንበኛችን ከዱባይ ተነሥታ በአዲስ አበባ በኩል ኮምቦልቻ ገባች። ስድስት ዓመት ሠርታ ጠቅልላ መመለሷ ነበር። ትኬቷ አንድ ሲሆን የበረሩት አጓጓዦች ግን ሁለት ነበሩ፤ እስከ አዲስ አበባ አንዱ አየር መንገድ፣ ከአዲስ አበባ እስከ ኮምቦልቻ ሌላው። በሻንጣዋ ውስጥ ደሴ ልትከፍተው ላሰበችው የልብስ ስፌት ቤት የገዛችው አዲስ ኦቨርሎክ፣ የጨርቅ ጠርዝ መስፊያ መኪና፣ ነበር። አዲስ አበባ ጉምሩክ ላይ ተከፍቶ ሲታይ ምንም አልሆነም። ቤቷ ስትፈታው ግን የብረት አካሉ ተሰንጥቆ፣ መርፌ መያዣው ተጣሞ አገኘችው። ሻንጣው ከውጭ ሲታይ ትንሽ ከመጎድጎዱ በቀር ደኅና ስለሚመስል፣ ማረፊያው ላይ ለማንም ምንም ሳትናገር ተቀብላው ወጥታ ነበር።

በማግስቱ ረቡዕ ጠዋት ፎቶ ይዛ ወደ ቢሮዬ መጣች። እኔም በሙሉ ልብ «አብሽሪ እህቴ» አልኳት። ይህች ቃል በእኛ አገር ለታመመም፣ ለተበደለም፣ ገንዘብ ለጠፋበትም የምትሰጥ ማጽናኛ ናት፤ እኔ ግን ያን ቀን እንደ ሙያ ምክር አድርጌ ነበር የተጠቀምኩባት። ቀጥዬም የሰበረው የአገር ውስጡ በረራ ስለሆነ ጉዳዩ በአገር ውስጥ ሕግ እንደሚታይ፣ ለክስ ሁለት ዓመት እንዳላት፣ ማመልከቻውን ደግሞ በሰባት ቀን ውስጥ ብናስገባ እንደሚበቃ ነገርኳት። ከዚያ የግድግዳውን ቀን መቁጠሪያ እያየሁ ስቅለትን፣ ፋሲካን፣ የሠራተኞችን ቀንና እሑዶችን እየዘለልኩ ቆጠርኩና «እስከ ሚያዝያ 25 ጊዜ አለን፤ በዓሉን በሰላም አሳልፊና ነይ» ብዬ ሸኘኋት። እሷ ፋሲካን የምታከብር አልነበረችም፤ ቢሮው እንደሚዘጋ ስለነገርኳት ብቻ እሺ ብላ ሄደች።

እንዲህ በድፍረት የተናገርኩት ጨርሶ ሳልማር ቀርቼ አይደለም። ከዚያ ሁለት ዓመት ቀደም ብሎ የአየር ሕግ መሠረታዊ ሥልጠና ወስጄ ነበር። ሥልጠናው ግማሽ ቀን ሙሉ ያወራው እ.ኤ.አ. በ1944 ዓ.ም. በቺካጎ ስለተፈረመው ስምምነት ነው። በዚያም እያንዳንዱ አገር ከግዛቱ በላይ ባለው የአየር ክልል ላይ ሙሉና ብቸኛ ሉዓላዊነት እንዳለው፣ አውሮፕላን የተመዘገበበትን አገር ዜግነት እንደሚይዝ፣ በጅራቱ አካባቢ የሚጻፉት ፊደላትም ይህንኑ እንደሚናገሩ፣ መቀመጫው ሞንትሪያል የሆነው የዓለም አቀፍ ሲቪል አቪዬሽን ድርጅት በዚሁ ስምምነት እንደተቋቋመ፣ የቴክኒክ ደረጃዎቹም በ19 አባሪዎች እንደተዘረዘሩ ተምረናል። ይህ ሁሉ ትልቅና የሚያኮራ ትምህርት ስለነበረ በልቤ ውስጥ አንድ ሥዕል ቀረ፤ ዓለም አቀፍ የአየር ሕግ ማለት መንግሥታት እርስ በርሳቸው ስለ ሰማይ የሚነጋገሩበት ነገር እንጂ ስለ አንዲት ሴት ኦቨርሎክ የሚል ነገር ያለው አልመሰለኝም። ስለ አጓጓዥና መንገደኛ የሚደነግገው ሌላው ዘርፍ ሥልጠናው ሊያልቅ ሲል፣ ሰው ሰዓቱን እያየ በነበረበት ግማሽ ሰዓት ውስጥ ነው ያለፈው። ከዚያ ግማሽ ሰዓት ሁለት ቁጥሮች ብቻ ናቸው ትዝ ያሉኝ፦ ሁለት ዓመትና ሰባት ቀን።

ሐሙስ ሚያዝያ 24 ቀን መጣች፤ ማመልከቻውን አብረን ጻፍንና ፎቶውንና የሻንጣ ታጉን ቅጂ አያይዤ የመጨረሻውን በረራ ላከናወነው አየር መንገድ ላክሁ። መልሱ ከሳምንት በኋላ በትሕትና ተጽፎ መጣ። ሻንጣው ሚያዝያ 15 ቀን ያለ ምንም ቅሬታ መረከቡን፣ የጽሑፍ ቅሬታው ግን በዓለም አቀፍ ጉዞ የአየር አጓጓዥን ኃላፊነት የሚደነግገው የሞንትሪያል ስምምነት በአንቀጽ 31 ከወሰነው ሰባት ቀን በኋላ መድረሱን ገልጾ፣ በአንቀጽ 52 መሠረት «ቀን» ማለት የካላንደር ቀን እንጂ የሥራ ቀን እንዳልሆነ በአንድ መስመር ያስታውሳል። በዚህ አቆጣጠር የመጨረሻዋ ቀን ሚያዝያ 22 ነበረች። የዘገየነው በሁለት ቀን ነው።

መጀመሪያ ያደረግሁት መናደድ ነው። «የአገር ውስጥ በረራ ላይ የሞንትሪያል ስምምነት ምን አገባው?» ብዬ ደብዳቤውን ይዤ በጭነት ክፍል ብዙ ዘመን ሠርተው ጡረታ ወደወጡ አንድ ጎረቤታችን ሄድኩ። እሳቸው ደብዳቤውን ካነበቡ በኋላ ትኬቱን ጠየቁኝ። ትኬቱን አይተው «ይኸ ስንት ጉዞ ነው?» አሉ። ሁለት ነው አልኳቸው። «አውሮፕላኑ ሁለት ነው፤ ጉዞው አንድ ነው» ብለው ስምምነቱን ከፍተው አንቀጽ 1ን እንዳነብ ሰጡኝ።

እኔን የገረመኝ ይህ አንቀጽ ነው፤ ትኬት እየቆረጥኩ ስኖር አንድም ቀን አስቤው አላውቅም። ስምምነቱ አንድን ጉዞ ዓለም አቀፍ የሚያሰኘው እያንዳንዱ አውሮፕላን ድንበር ስለተሻገረና ስላልተሻገረ አይደለም። የሚታየው ተዋዋዮቹ የተስማሙበት የጉዞ መነሻና መድረሻ ነው፤ ሁለቱ በሁለት አባል አገሮች ግዛት ውስጥ ከሆኑ፣ በመካከል ማረፍም ሆነ ከአንዱ አውሮፕላን ወደ ሌላው መዛወር ቢኖር፣ ጉዞው ዓለም አቀፍ ነው። ብዙ አጓጓዦች እየተቀባበሉ የሚያከናውኑት ጉዞም ተዋዋዮቹ እንደ አንድ ሥራ እስከቆጠሩት ድረስ የማይከፋፈል አንድ ጉዞ ይባላል፤ ከዚያ ውስጥ አንዱ ክፍል ሙሉ በሙሉ በአንድ አገር ግዛት ውስጥ መከናወኑ ብቻ ይህን ባሕርይውን አያሳጣውም። ስለዚህ ከእሷ ጎን ተቀምጦ ከአዲስ አበባ ኮምቦልቻ ብቻ የተሳፈረው ነጋዴ የሚተዳደረው በአገር ውስጥ ሕግ፣ በ1952ቱ የንግድ ሕግ የአየር ማጓጓዣ ድንጋጌዎች ሲሆን፣ እሷ ግን በዚያው አውሮፕላን፣ በዚያው ወንበር ረድፍ ላይ ሆና በሞንትሪያል ስምምነት ሥር ነበረች። አንድ አውሮፕላን ውስጥ ሁለት ሕግ ተሳፍሮ ይመጣል ማለት ነው።

ስምምነቱ እ.ኤ.አ. በ1999 ዓ.ም. ተፈርሞ በ2003 ዓ.ም. ሥራ ላይ የዋለ ሲሆን፣ የተባበሩት ዐረብ ኤምሬቶች ቀድመው የገቡበት፣ ኢትዮጵያም እ.ኤ.አ. በ2014 ዓ.ም. የተቀላቀለችው ነው። ከእሱ በፊት የነበረው የ1929ኙ የዋርሶ ስምምነት የሻንጣ ካሳን የሚለካው በኪሎ ነበር፤ የተሰበረው ዕቃ ቀላል ከሆነ ካሳውም ቀላል ነው። ሞንትሪያል የክብደቱን ነገር ትቶ ጣሪያውን በአንድ መንገደኛ ላይ አስቀመጠው፤ የደንበኛችን ዕቃ በተሰበረበት ጊዜ 1,131 ኤስዲአር ነበር። ኤስዲአር የዓለም አቀፉ የገንዘብ ድርጅት የሒሳብ መለኪያ ነው። ጣሪያው በየጊዜው እየታየ ስለሚስተካከል እ.ኤ.አ. በ2019 መጨረሻ ወደ 1,288፣ በ2024 መጨረሻ ደግሞ ወደ 1,519 ከፍ ብሏል። ይህ ጣሪያ እንጂ ዋጋ አይደለም፤ ሰዎች «ሻንጣዬ ተሰበረ፣ ይህን ያህል ይገባኛል» ብለው ሲመጡ አሁንም የምደክመው ይህን ለማስረዳት ነው።

ሁለቱን ቁጥሮች ያቀላቀልኩበትንም ስፍራ እዚያው አገኘሁት። ሁለቱ ዓመት በአንቀጽ 35 የተቀመጠው ፍርድ ቤት የመሄጃ ጊዜ ነው። ሰባቱ ቀን ደግሞ ወደዚያ የሚያስገባ በር ነው፤ በሩ ከተዘጋ፣ አጓጓዡ አጭበርብሮ ካልሆነ በቀር፣ ሁለቱ ዓመት ለማንም አይጠቅምም። ጉዳት የደረሰበት ጭነት 14 ቀን፣ የዘገየ ሻንጣ ደግሞ ለባለቤቱ ከቀረበበት ቀን ጀምሮ 21 ቀን አለው። ሕጉ በመሠረቱ የሚለው «ጉዳቱን እንዳወቅህ ወዲያው ተናገር» ነው፤ ሰባቱ ቀን የመጨረሻው ወሰን እንጂ የዕረፍት ፈቃድ አልነበረም። የዋርሶው የመጀመሪያ ጽሑፍ ለሻንጣ የሰጠው ሦስት ቀን ብቻ እንደነበረ ሳውቅ ደግሞ፣ እኔ ያባከንኩት ሌሎች ታግለው ያስረዘሙትን ጊዜ እንደሆነ ተሰማኝ።

በማግስቱ ደውዬ አስጠራኋትና ጥፋቱ የእኔ መሆኑን፣ እኔን አምና መቆየቷ እንደጎዳት ነገርኳት። ዝም ብላ ሰማችኝና «እኅቴ የጻፈችውስ አይሆንም?» አለች። የምን ጽሑፍ ነው ብላት፣ ትኬቱን ዱባይ የገዛችላት ታናሽ እኅቷ የእኔን «አብሽሪ» በስልክ ስትሰማ ተናዳ፣ በፋሲካ ማግስት፣ ሚያዝያ 21 ቀን፣ ፎቶዎቹን አያይዛ ለመጀመሪያው አየር መንገድ በኢሜይል አቤት ብላ ኖሯል። በስድስተኛው ቀን መሆኑ ነው። ስምምነቱ የሚጠይቀው ቅሬታው በጽሑፍ ሆኖ በጊዜው ውስጥ እንዲሰጥ ወይም እንዲላክ ስለሆነ፣ ይህች ሦስት መስመር ኢሜይል እኔ በማኅተም አስጊጬ ከላክሁት ማመልከቻ ትበልጥ ነበር።

የመጀመሪያው አየር መንገድ መልስ እንደጠበቅነው ነበር፤ ዕቃው አዲስ አበባ ላይ ደኅና ስለታየ የሰበረውን ጠይቁ አለ። በዚህ ጊዜ ግን አንቀጽ 36ን አንብቤ ነበር። ለተመዘገበ ሻንጣ መንገደኛው የመጀመሪያውን አጓጓዥ መጠየቅ ይችላል፤ መድረሻው ላይ ተረካቢ ስለሆነ የመጨረሻውንም፣ ጉዳቱ የደረሰበትን ክፍል የበረረውንም እንዲሁ። በመካከላቸው ማን እንደሚሸከመው ራሳቸው ይተሳሰባሉ እንጂ፣ መንገደኛዋ ብረቱ በየትኛው ሆድ ውስጥ እንደተሰነጠቀ እየዞረች እንድትመረምር አይጠበቅባትም። ይህን በአንድ ገጽ ጽፈን ላክን። ቀጥሎ ስለ አስተሻሸጉ ጠየቁ፤ ጉዳቱ ከዕቃው ከራሱ ጉድለት የመጣ ከሆነ አጓጓዡ በዚያው መጠን ከኃላፊነት ስለሚድን ጥያቄው ያላግባብ አልነበረም። በሁለት ብርድ ልብስ ተጠቅልሎ በካርቶን መግባቱን የሚያሳየው የጉምሩኩ ፎቶ ረዳን። ከአራት ወር ያህል ደብዳቤ መመላለስ በኋላ በደረሰኙ ላይ ያለውን የኦቨርሎኩን ዋጋ፣ 1,450 ድርሃም፣ ከፈሉ። ለሻንጣው ደረሰኝ ስላልነበራት ምንም አልተከፈላትም።

ከዚያ ወዲህ ቢሮአችን ውስጥ አንድ ቅጽ አለ፤ ማንም ስለ ሻንጣ ሊያወራኝ ሲቀመጥ መጀመሪያ የማቀርብለት እሱን ነው፤ ቡና ከዚያ በኋላ ነው። ትኬት ስሰጥም ከጉዞ ሰነዱ መጨረሻ በደቃቅ ፊደል የሚጻፈውን፣ የአጓጓዡ ኃላፊነት በስምምነት ሊወሰን እንደሚችል የሚያስታውቀውን ክፍል ጣቴን አኑሬ አሳያለሁ። ብዙዎቹ አይሰሙኝም፤ በእነሱ አልፈርድም።

ባለፈው ጊዜ ያችው ደንበኛችን ስለ ታናሽ እኅቷ መመለስ ልታማክረኝ መጥታ ነበር። ከዱባይ አዲስ አበባ አንድ ትኬት፣ ከአዲስ አበባ ኮምቦልቻ ደግሞ ለብቻው ሌላ ቢገዛ እንደሚረክስ ሰምታ ኖሮ፣ ልዩነት እንዳለው ጠየቀችኝ። ስምምነቱ በአንድ ውልም ሆነ በተከታታይ ውሎች የተገዛን ጉዞ አንድ አድርጎ ሊቆጥር እንደሚችል፣ ነገር ግን በሁለት ጊዜና ከሁለት ሻጭ የተገዛ ትኬት እንደ አንድ ሥራ መታሰቡን ማስረዳት የመንገደኛው ጣጣ እንደሚሆን ነገርኳት።

«እንግዲያው በአንድ ቁረጠው፤ እሷ ደግሞ የሰርገኛ ሳህን ነው የምታመጣው» አለችኝ። በአንድ ቆረጥኩት።